የጎዳምባሪ ኮዳ

ጎዳምባሪ ፓንዋርን ከተራራው ያወረዷት እንደ ተቀመጠች ነው። ብርዱ ጉልበቷን እንደ ታጠፈ አድርቆት፣ ሊያቃኗት ቢሞክሩ እምቢ አለ። ሠላሳ ዓመት በሕንድ የጋርዋልን ተራሮች የወጣች፣ ከሁለት መቶ በላይ ሴት ልጆችን ገመድ ያስያዘች ሴት፣ በወጥ ቤቱ ድንኳን ጥግ ብርድ ልብስ ተጥሎባት ሻይ እንደሚጠብቅ ሰው ቁጭ ብላለች።

ኢንስፔክተር ሄማንቲ ሴምዋል ፊቷን ገልጣ አየችና መልሳ ሸፈነችው። ከእነዚያ ልጆች መካከል አንዷ እሷ ነበረች። ሐዘኑ አልመጣላትም፤ ደረቷ በብርድ እንደ ደነዘዘ እግር ነው።

የወረዳው ሹም «እስከ ማታ ወረቀቱ ይድረሰኝ» ብሏል። ሹም ሲቸኩል መቼም የሚጎዳው ሙት ነው። «በራሷ ግድየለሽነት ሞተች» ተብሎ ከተጻፈ ጎዳምባሪ ያቋቋመችው የሴት ልጆች ማሠልጠኛ ይዘጋል። መምህሯ ራሷን መጠበቅ ካቃታት ቤቱ የማንን ልጅ ይጠብቃል፣ ነው ነገሩ።

ሠልጣኞቹ ወርደዋል። ሰፈሩ ውስጥ የቀሩት ሦስት ናቸው፦ ምክትሏ ቪማላ፣ ወጥ ሠሪው ናምጊያል፣ ሦስት ታላላቅ ተራሮችን ወጣሁ ብሎ ስሙ በየጋዜጣው የሚነሣው ራጃት ኩክሬቲ። ራጃት በመጪው ወር የማሠልጠኛዎቹ ሁሉ የበላይ ሊሆን ተመርጧል።

«ከትናንት ወዲያ አብረዋት የወጡት እርስዎ ነዎት?» አለችው ሄማንቲ።

«እስከ ግማሽ መንገድ። እሷ ገመድ ልዘርጋ አለች፣ እኔ በቀትር ተመለስኩ። ሙት ወቃሽ አያድርገኝና ግትር ነበረች።»

«ከዚያ በኋላስ?»

«ጥላዋንም አላየሁ። እህቴ፣ የበላት ተራራው ነው።»

አስከሬኑን በማግስቱ ጠዋት ያገኘችው ቪማላ ናት።

«ሻንጣዋ አጠገቧ ቀጥ ብሎ ቆሟል። ስናወርደውም አልከፈትነውም» አለች። «እንቅልፍ ጥሏት የተቀመጠች ነው የምትመስለው። እትዬ ደግሞ እኛ ስናዛጋ እንኳ ትቆጣ ነበር።»

«እትዬ ከራጃት ጋር ተጣልታ ታውቃለች?»

«በመጡበት ቀን። ሰማያዊ የእንቅልፍ ክኒን ሲውጥ አየችው። ‹እዚህ ከፍታ ላይ ይህን የዋጠ መተንፈስ ይረሳል› ብላ ጮኸችበት። ደግሞ ተራሮቹ ጫፍ ላይ የተነሣኸውን ፎቶ አሳየኝ ትለዋለች፣ ዛሬ ነገ ይላታል። ‹እንደ ወረድን ለበላዮች እጽፋለሁ› አለችው።»

ናምጊያል ሽንኩርቱን እየከተፈ ቀና አላለም። «እኔ የማውቀው ድስቴን ነው። በቀትር ተመለስኩ ማለቱን ግን ተይው፤ ምሳውን ያሞቅሁለት ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ነው። የሦስት ተራራ ጀግናን የእኔ በቅሎ ትቀድመዋለች።»

ሄማንቲ የሟቿን ሻንጣ ከፈተች። ውስጡ በሚታየው የላስቲክ ኮዳ ውሃው ረግቶ ድንጋይ ሆኗል። ወደ ብርሃን አንሥታ ብዙ አየችው። የክዳኑን ጥርስ በቢላ ጫፍ ጫር ጫር አድርጋ ያገኘችውን በወረቀት ጠቀለለች። ከዚያ ሦስቱንም ጠራች። «ለምርመራ የየራሳችሁን ውሃ እፈልጋለሁ። ኮዳችሁን ሞልታችሁ ደጅ በረዶው ውስጥ አስቀምጡልኝ፤ ነገ ጠዋት አወርደዋለሁ።»

ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ወጥታ ኮዳዎቹን አየችና ሦስቱንም ሰዎች ድንኳኑ ውስጥ ሰበሰበች።

«ውሃ መርጋት የሚጀምረው ከላይ ነው» አለች። «ስለዚህ እትዬ ጎዳምባሪ ከገመድ በፊት የምታስተምረን ኮዳን ዘቅዝቆ ማስቀመጥ ነበር። አፉ ወደ ታች ከሆነ በረዶው ቂጡ ጋ ይይዝና ክዳኑ ይከፈታል። ያልዘቀዘቀ ሰው ጠዋት ውሃ ታቅፎ ይጠማል። አንድ ጊዜ የተጠማ ዕድሜ ልኩን አይረሳም።»

የሟቿን ኮዳ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«ኮዳ እስከ አፉ አይሞላም፣ ትንሽ ባዶ ቦታ ይተርፋል። ዘቅዝቃው ቢሆን ባዶው ከቂጡ በኩል ይሆን ነበር። ይኸው፣ ከክዳኑ ሥር ነው። የከተተችው እሷ አይደለችም።»

«ደክሟት ረስታ ቢሆንስ?» አለ ራጃት።

«ደክሟት ክዳኑ ላይ ሰማያዊ ዱቄት ትቀባለች? ውሃው ግን ንጹሕ ነው። ክኒኑን ያጠጣት ሰው እስክታሸልብ አጠገቧ ቆየ፤ ምሳው የዘገየውም ለዚህ ነው። ከዚያ ኮዳውን አለቅልቆ ከራሱ ውሃ ሞላላት። ክዳኑን ማለቅለቅ ረሳ። ኮዳውንም አቆመው።»

የድንኳኑን በር ገልጣ ወደ በረዶው አመለከተች።

«ደጅ ሦስት ኮዳ አለ። የቪማላ ተዘቅዝቋል። ድስት እንጂ ሌላ አላውቅም የሚሉት የጋሼ ናምጊያልም ተዘቅዝቋል። የእርስዎ ቆሟል። ከፍታ ላይ ያደረ ሰው ይህን አይስትም፤ ስለዚህ ሦስቱን ተራሮች አልወጡም። እትዬ የደረሰችበት ይህን ነው።»

«ሲሮጡ የታጠቁት...» አለ ናምጊያል፤ አልጨረሰውም።

ራጃት እጆቹን ተመለከተ። ፊቱ ላይ ንዴትም ፍርሃትም አልነበረም።

«እኔ ነኝ። ጻፊው፣ እፈርማለሁ። ተራሮቹን አልወጣም ብለሽ ግን አትጻፊ።»

«ሰው ገደለ መባሉ አይከብድህም?» አለች ቪማላ።

«እሱንማ አድርጌዋለሁ» አለ።

ሄማንቲ ሁለት ወረቀት አወጣች። በመጀመሪያው ላይ ጎዳምባሪ ፓንዋር በሰው እጅ እንጂ በግድየለሽነት አልሞተችም ብላ ጻፈች።

«ማሠልጠኛው አይዘጋም ማለት ነው?» አለች ቪማላ በቀስታ።

«አይዘጋም።»

ራጃት ያንን ሳያነብ ፈረመ። ሁለተኛውን፣ የእምነት ቃሉን፣ ግን አነበበው። «አንድም ተራራ አልወጣም» የሚለው ላይ ሲደርስ እንደ ልጅ ተንሰቅስቆ አለቀሰ። ሄማንቲ አየችው። በዚያ ድንኳን ለጎዳምባሪ ያለቀሰ ሰው ገና አልነበረም።

«ይፈርሙ» አለችው።