ዶሮዎች ቆጥ ሲወጡ የሚከፈተው ሬድዮ

እስቲ ጠጋ በሉ። ይህ ታሪክ ጭጋግ የበዛበት ነው፤ ተጠጋግቶ መስማት ይሻላል።

በሰሜን፣ በዋግ ተራሮች መካከል፣ ገደል ጫፍ ላይ አንዲት ትንሽ መንደር ነበረች። መብራት የላትም፣ መንገድ የላትም፣ ስልክም አይሠራባትም።

በዚያች መንደር ትርንጎ የምትባል የስድስት ዓመት ልጅ ነበረች። ያን ክረምት ትርንጎ በጣም አዝና ነበር።

እናቷን ሆዷን አሟት ነበር። አራት ጎረቤቶች በቃሬዛ ተሸክመው፣ ወንዙን አሻግረው፣ ሩቅ ከተማ ሐኪም ቤት አደረሷት።

አባቷም አብሮ ሄደ። ተሸካሚዎቹ ሲመለሱ እሱ ግን ሊያስታምማት እዚያው ቀረ።

ከዚያ ዝናቡ መጣ። ወንዙም ሞላ። ሁምምም! ሁምምም! ማንንም አላሳልፍ አለ።

ትርንጎ አክስቷ ዝማም ቤት ሆነች። በሩ ላይ ተቀምጣ ጭጋጉን ታያለች፤ ጭጋጉ ግን ምንም አያሳያትም።

«አክስቴ፣ እማዬ ድናለች?» ብላ ትጠይቃለች።

«እንጃ ልጄ። ሬድዮው ይነግረናል» ትላለች አክስቷ።

ውይ! ለካ ስለ ሬድዮው አልነገርኳችሁም።

መንደሩ ያለው ሬድዮ አንድ ብቻ ነው። የማንም አይደለም፤ የሁሉም ነው።

አንድ ሳምንት እዚህ ቤት፣ አንድ ሳምንት እዚያ ቤት ያድራል። በንጹሕ ጨርቅ ተጠቅልሎ፣ እንደ ክቡር እንግዳ መደብ ላይ ይቀመጣል።

ቀን ቀን ሬድዮው የሚያወራው መንደሩ በማይናገረው ቋንቋ ነው። ማታ ማታ ግን ለምለም የምትባል ሴት በእነ ትርንጎ ቋንቋ፣ በኽምጣና ታወራለች።

ለምለም መልእክት ታነባለች። በሬ የጠፋበት፣ ልጅ የተወለደለት፣ ሐኪም ቤት የተኛ፣ ሁሉም ለእሷ ይነግራታል፤ እሷ ደግሞ ለተራራው ሁሉ ትናገራለች።

ሬድዮው የሚሠራው ግን በባትሪ ድንጋይ ነው። የባትሪ ድንጋይ የሚመጣው ከወንዙ ማዶ ካለው ገበያ ነው፤ ወንዙ ደግሞ ሞልቷል።

ስለዚህ መንደሩ ሕግ አለው። ሕጉን አብረን እንበለው፦

ጠዋት አይከፈትም! ቀን አይከፈትም! ዶሮዎች ቆጥ ሲወጡ ብቻ!

በጭጋግ አገር ፀሐይ መቼ እንደገባች አይታወቅማ። ዶሮዎች ግን ያውቃሉ።

ያን ሳምንት ተራው የአክስት ዝማም ነበር። ሬድዮው ትርንጎ ከምትተኛበት መደብ አጠገብ ተቀመጠ።

ሰኞ ማታ ዶሮዎቹ ቆጥ ወጡ። ሰዉ ሁሉ መጣ፤ ሬድዮው ቀጭ! ብሎ ተከፈተ።

ለምለም ብዙ መልእክት አነበበች። የትርንጎ እናት መልእክት ግን አልነበረም።

ማክሰኞ ማታም ቀጭ! መልእክቱ የለም። ረቡዕ ማታም ቀጭ! አሁንም የለም።

ትርንጎ እራቷንም መብላት አቃታት።

ሐሙስ ጠዋት አክስቷ ውኃ ልትቀዳ ወረደች። ትርንጎና ሬድዮው ብቻቸውን ቀሩ።

«መልእክቱ ቀን መጥቶ፣ ማንም ሳይሰማው ቢያልፍስ?» ብላ አሰበች።

ጨርቁን ገለጠች። ቀጭ!

ሕጉስ? ጠዋት አይከፈትም! ቀን አይከፈትም! ትርንጎም ሕጉን ታውቃለች፤ ግን እናቷ በጣም ናፍቃታለች።

ሬድዮው አወራ፣ አወራ፣ አወራ። ትርንጎ አንድም ቃል አልገባትም፤ ቢሆንም «ትርንጎ» የሚል ስም እስክትሰማ ጆሮዋን ለጥፋ ጠበቀች።

የአክስቷን እርምጃ ስትሰማ ቀጭ! አድርጋ ዘጋችው። አክስቷ ደጅ በወጣች ቁጥር ደግሞ ቀጭ! እያደረገች ከፈተችው።

የሬድዮው ድምፅ እየቀጠነ፣ እየቀጠነ ሄደ። ትርንጎ ግን ሬድዮው የደከመው በወሬ ብዛት መሰላት።

ማታ ዶሮዎቹ ቆጥ ወጡ። ሰዉ መጣ፤ የመንደሩ ሽማግሌ አያ መርሻም በትራቸውን ይዘው መጡ።

ቀጭ! አለ ሬድዮው። ከዚያ... ጭጭ።

«ትናንት ደህና ነበር። ምን ነካው?» አሉ አያ መርሻ። ትርንጎ አንገቷን ደፋች።

አያ መርሻ የባትሪ ድንጋዮቹን አወጡና አንድ በአንድ ነከሷቸው። በእነዚያ ሦስት ጥርሶቻቸው! እናንተ ግን እንዳትሞክሩት፤ ጥርስ ይሰብራል።

ከዚያ እሳት ዳር አስቀምጠው አሞቋቸው። ድንጋይ ሲነከስና ሲሞቅ ትንሽ ጉልበት ያገኛል ይላሉ።

መልሰው ከተቷቸው። ቀጭ!

ኽርርር... «...መልእክት ከሐኪም ቤት... ለትርንጎ...» አለች ለምለም። «እናትሽ...»

ጭጭ።

እናትሽ ምን? ድናለች? አልዳነችም? ማንም አያውቅም።

አያ መርሻ ድንጋዮቹን ደግመው ነከሱ። ደግመው አሞቁ። ሬድዮው ግን ጭጭ አለ።

ዝናቡ ብቻ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ ይላል።

ያኔ ትርንጎ ስቅስቅ ብላ አለቀሰች። «እኔ ነኝ! ቀን የከፈትኩት እኔ ነኝ!» አለች።

«ምነው ልጄ! የሰው ሁሉ ሬድዮ እኮ ነው!» አለች አክስቷ። ተናዳለች፤ ደግሞ አዝናለች።

«መልእክቱ እንዳያመልጠኝ ብዬ ነው» አለች ትርንጎ። አክስቷም ቁጣዋ ሁሉ ጠፋና እቅፍ አደረገቻት።

አያ መርሻ ጢማቸውን አሻሹ። ትርንጎ የሚቀጧት መሰላት።

«ማዶ ያለው መንደርም ሬድዮ አለው» አሉ በመጨረሻ። «ተነሱ፤ ሳይተኙ እንጠይቃቸው።»

ሁሉም ነጠላውን፣ ጋቢውን ተከናንቦ ወጣ። ገደሉ ጫፍ ላይ በተርታ ቆሙ።

ማዶው በጭጋግ ተሸፍኗል። ከታች ወንዙ ሁምምም! ሁምምም! ይላል።

«የማዶ ሰዎች ሆይ!» ብለው ተጣሩ አያ መርሻ።

ሆይ... ሆይ... ሆይ... አለ ገደሉ። ሰው ግን አልመለሰም።

«የማዶ ሰዎች ሆይ!» አለች አክስት ዝማም።

ሆይ... ሆይ... ሆይ... ትርንጎ የአክስቷን ነጠላ ጨበጠች።

አሁን ሁላችንም አብረን እንጣራ፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት! «የማዶ ሰዎች ሆይ!»

«አቤት!» አለ አንድ ቀጭን የሴት ድምፅ ከጭጋጉ ውስጥ።

«ሬድዮ ሰምታችኋል?» አሉ አያ መርሻ።

«ሰምተናል!»

«የትርንጎ እናት ምን ሆነች?»

ድምፁ ጠፋ። ወንዙ ብቻ ይሰማል።

«ማን ነው የሚጠይቀው?» አለች ሴትዮዋ።

ትርንጎ ወደ ፊት ወጣች፤ አክስቷ ቀሚሷን ያዘችላት። «እኔ ነኝ! ልጇ ነኝ!» ብላ በሙሉ ኃይሏ ጮኸች።

«ልጄ፣ ስሚ! እናትሽ ደህና ናት! ሆዷን ቀደው አክመዋታል! ተርፋለች!»

አክስት ዝማም እልል አለች። ትርንጎ ጭቃው ላይ ቁጭ አለች።

«ግን ገና ከአልጋ አልተነሳችም!» አለ ድምፁ። «ወንዙ ሳይጎድል አትመጣም! መስከረም ሲጠባ ነው የምትመጣው!»

መስከረም! ትርንጎ በጣቶቿ ቆጠረች፤ ጣቶቿ አለቁ፣ ቀኑ ግን አላለቀም።

ደስ አላት፣ ከፋትም። ሁለቱ አንድ ላይ ሲመጡ ምን እንደሚደረግ ስለማታውቅ፣ ዝም ብላ ጭጋጉን አየች።

«ሌላም አለ!» አለች የማዶዋ ሴትዮ። ጉሮሮዋን ጠረገችና ገደሉ እስኪያስተጋባ ጮኸች።

«ስትተኚ ብርድ ልብስሽን በእግርሽ አትግፊ ብላለች!»

አትግፊ... አትግፊ... አትግፊ... አለ ገደሉ።

ሰዉ ሁሉ ሳቀ፤ አያ መርሻ እንኳ ሳቁ። ትርንጎ አፈረች፤ አሁን ሁለቱም መንደሮች አወቁባት!

ግን በልቧ «እውነትም እማዬ ናት» አለች። ብርድ ልብስ እንደምትገፋ ከእናቷ በቀር ማን ያውቃል?

«ሬድዮአችን ሞቷል!» አሉ አያ መርሻ። «ነገም መልእክት ካለ ንገሪን!»

«እሺ! ነገም በዚህ ሰዓት እመጣለሁ! ዝናብ ቢሆንም እመጣለሁ!» አለች ሴትዮዋ።

ፊቷን ማንም አላየም። ትርንጎ ግን በጣም ወደደቻት።

ወደ ቤት ሲመለሱ ትርንጎ የአክስቷን እጅ አጥብቃ ይዛለች።

አክስት ዝማም እግሯን በሙቅ ውኃ አጠበችላት። መደቡ ላይ አስተኝታ ብርድ ልብሱን እስከ አገጯ ሳበችላት።

«አክስቴ፣ እኔስ ለእማዬ መልእክት መላክ እችላለሁ?» አለች ትርንጎ።

«ወንዙ እስኪጎድል አይቻልም፣ እናቴ። ሐኪም ቤቱ ለማዶ ሰዎችም ሩቅ ነው፤ ሬድዮም ይናገራል እንጂ አይሰማም» አለች አክስቷ።

ትርንጎ ትንሽ አሰበች። ውጭ ዝናቡ ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ ይላል።

«እሺ፣ እማዬ» አለች በቀስታ። እናቷ እንደማትሰማት ታውቃለች።

ከዚያ የብርድ ልብሱን ጫፍ በሁለት እጇ ጭምድድ አድርጋ ይዛ ተኛች። እስኪነጋ አልገፋችውም።