ፓሌርሞ ላይ የታቀፈው ሰው

መነጽሮቹ ተቀያየሩ።

ዶክተር ባሳልዱዋ የርቀት መነጽሩን አግዳሚው ላይ አኖረ። ሰላዩ የራሱን አጠገቡ አስቀምጦ የዶክተሩን አነሳ። ምስጢሩ የተነሳበት ፊልም ውስጡ ነው። ማንም ልብ አላለም፤ እሑድ ከሰዓት ፓሌርሞ የፈረስ እሽቅድድም ሜዳ የመጣ የቦነስ አይረስ ሰው ዓይኑ ፈረስ ላይ ነው።

የቀረው ምልክቱ ነው። የሰላዩ አለቃ፣ ሻለቃው፣ «ፈረሶቹ መጨረሻው መስመር ሲደርሱ ዶክተሩን እቀፈው፤ ያኔ እንይዘዋለን» ብሎታል።

ሰላዩን መሥሪያ ቤቱ «ድርጭት» ይለዋል። በቀኙ የተቀመጡት ጡረተኛው ፀጉር አስተካካይ ዶን ኤላዲዮ ግን የሚያውቁት ኒካኖር ብለው ነው። ፖለቲካ ሲነሳ የሚሸሹ ሰው ናቸው። ክረምቱን ሙሉ ከቤታቸው አብልተውታል።

«ማላካራ በሚባለው ፈረስ ላይ የውርርድ ትኬት ቆርጠሃል አይደል፣ ልጄ?»

«ቆርጫለሁ፣ ዶን ኤላዲዮ።»

«ባትቆርጥማ አላናግርህም ነበር!»

የመጨረሻው ኩርባ። ማላካራ በውጭ በኩል ተወነጨፈ። ሜዳው በጩኸት ተናወጠ። ድርጭት ወደ ዶክተሩ ዞሮ ክንዱን ዘረጋ።

ቀደሙት።

ዶን ኤላዲዮ ተጠመጠሙበት። እዚህ ሜዳ ፈረስህ ካሸነፈ አጠገብህ ያለውን ታቅፋለህ፤ ባታውቀውም። እንዴት ይህን ይረሳል!

«አላልኩህም? አላልኩህም፣ አንተ ፈሪ!» እያሉ ጉንጩን ሳሙት።

ሁለት ካፖርት የለበሱ ፖሊሶች ሽማግሌውን በብብታቸው ይዘው አነሷቸው።

ዶክተሩ ባርኔጣውን አስተካክሎ ወጣ። የነካው የለም።

ሻለቃው ምሰሶ ተደግፎ ይጠብቅ ነበር።

«ሰውየው እኮ እሳቸው አይደሉም!» አለ ድርጭት።

«አውቃለሁ። ዶክተሩ ከትናንት ወዲህ የኛ ነው። ጓደኞቹ እንዳይጠረጥሩት በሱ ፈንታ አንድ ሰው መታሰር አለበት።»

«ማን ነበር የታሰበው?»

«አንተ። ፖሊሶቹ የታዘዙት ያቀፈውን እንዲይዙ ነው።»

ድርጭት አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አፈገፈገ።

«ሽማግሌው ሳያውቁ አተረፉህ። ከፈለግህ ግን አሁንም መለወጥ ይቻላል» አለ ሻለቃው።

ድርጭት መነጽሩን አቀበለው። ራሱን ተጸየፈ።

በሩ ላይ ዶን ኤላዲዮን ሲያስወጧቸው ተገናኙ። አንደኛው ፖሊስ ወደ ድርጭት ጠቆመ።

«ይሄ ጓደኛህ ነው?»

«ኧረ በእመቤቴ! ከየት አውቀዋለሁ? ደስ ብሎኝ ነው ያቀፍኩት። ተዉት፣ ምንም የሚያውቀው ነገር የለም።»

«አንተስ? ታውቀዋለህ?» አለ ፖሊሱ ወደ ድርጭት ዞሮ።

መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ።

«አላውቃቸውም።»

ሽማግሌው እፎይ አሉ። ያተረፉት መስሏቸው ነበር። ድርጭት አንገቱን ደፍቶ ከሚወጣው ሕዝብ ጋር ተቀላቀለ።