ልጄ ያስረጀችው ቤት

እኔ እንዲህ ያለ ወሬ ሲጀመር ተነስቼ ጓዳ የምገባ ሰው ነኝ፣ ጥላ አየሁ፣ ድምፅ ሰማሁ የሚለውን ሁሉ ሥራ ፈት ነው ስል የኖርኩ፣ ትምህርቴም ከሁለተኛ ክፍል አላለፈምና አሳምሬ ልዋሽ ብል እንኳ አልችልበትም፣ ያየሁትን ብቻ ነው የምነግራችሁ።

ደርግ ከወደቀ ጥቂት ዓመት ሆኖታል፣ ልጄ ጽጌ አዲስ አበባ ሥዕል ተምራ ከፊልም ሠሪዎች ጋር ገባች፣ ሥራዋ ፊልም የሚነሳበትን ቤትና ዕቃ ማሰናዳት ነው፣ ለመጀመሪያ ጊዜም ኃላፊ ሆና ዶርዜ መጣች፣ እኔም ከአርባ ምንጭ ስንቅ ይዤላት ወጣሁ። ፊልሙ የድሮ ቤት ይፈልጋል፣ የሚለቀቅ ቤት ግን ጠፋ፣ ስለዚህ ጋሽ ካንኮ የሚባሉ ሽማግሌ አዲስ የቀርከሃ ቤት ሠሩላት፣ እሷ ደግሞ በጥላሸትና በጭቃ ታስረጀው ጀመር፣ ማታም ዕቃ ልጠብቅ ብላ እዚያው ታድራለች።

«እኔንስ ብትቀቢኝ ጎረምሳ እሆን ይሆን?» አሏት ጋሽ ካንኮ።

«እኔ የምችለው ማስረጀት ብቻ ነው ጋሼ።»

«ቁመቱ ግን ያጋልጥሻል» አሉ። የዶርዜ ቤት ሲሠራ ረጅም ነው፣ ምስጥ ሥሩን በበላው ቁጥር እያጠረ ይሄዳል፣ ዕድሜው የሚታወቀው በቁመቱ ነው።

«ሥሩን አፈር እሞላበትና አጭር ይመስላል» አለች።

የመጀመሪያ ቀን በበሩ ቀጥ ብዬ ገባሁ። በማግስቱ ጎንበስ አልኩ፣ ደክሞኝ ይሆናል ብዬ ተውኩት፣ ውስጥ ግን ከግድግዳው ሥር ሰው ቆሎ የሚቆረጥም የመሰለ ድምፅ አለ፣ ጆሮዬን ሳስጠጋ ዝም ይላል፣ ቀና ስል ይቀጥላል። በሦስተኛው ቀን ግንባሬ ከበሩ ጋር ተጋጨ።

«አፈሩን አበዛሽው» አልኳት።

«የምን አፈር እማዬ? ነገ ነው የሚመጣው።»

ጋሽ ካንኮ ሥሩን ቆፍረው አዩ፣ አንድ ምስጥ የለም። በሩን ሲሠሩ የለኩበትን ዘንግ አምጥተው አቆሙት፣ እመኑኝ፣ ዘንጉ ከበሩ አንድ ስንዝር በለጠ። እኚያ ቀልደኛ ሰውዬ መሣሪያቸውን ሰብስበው ሄዱ።

«ልጄ፣ አብረን እንውረድ» ብዬ ለመንኳት።

«ፊልም ሠሪዎቹ ቤቱን ወደውታል፣ ስሜ የሚወጣው በዚህ ነው፣ አታስቀሪኝ» አለች።

መኪና ድረስ ስትሸኘኝ ከኋላዬ የሚጎተት ነገር ሰማሁ፣ ዞር ስል ቀሚሷ ነው፣ ለፋሲካ እኔው በእጄ እስከ ቁርጭምጭሚቷ የሰፋሁላት። «ጥጥ አይደል፣ ታጥቦ ረዝሞ ይሆናል» ብላ ሳቀች። በፊት ትከሻችን እኩል ነበር መሰለኝ፣ ወይስ አልነበረም፣ አሁን እሱንም እርግጠኛ አይደለሁም።

ፊልሙ አለቀ፣ ስሟም ወጣ፣ ዛሬም በየአገሩ ቤት ታስረጃለች፣ ስትደውል ደህና ነኝ ትላለች። ባለፈው ወር ያንኑ ቀሚስ በሰው ላከችልኝ፣ «እማዬ፣ አንድ ስንዝር አሳጥሪልኝ» የሚል መልእክት አለው። አልጋ ላይ ዘርግቼ ለካሁት፣ ጥጡ አልረዘመም፣ እኔ በሰፋሁበት ልክ ነው። መቀሱን አወጣሁ፣ መለስኩት፣ እስካሁን አልቆረጥኩትም።