ሦስት ዙር በፎገራ ሰማይ

«ሐምሌ ነው ያሉት?» ዙህራ ጮኸች። የወፍጮው ሞተር ጆሮ ያደነቁራል።

«ሐምሌ!» አሉ ጋሽ ደሞዝ፣ ዱቄት የነሰነሰውን ቅንድባቸውን እየጠረጉ። ወፍጮ ከመክፈታቸው በፊት አየር ኃይል ውስጥ መካኒክ ነበሩ። «አውሮፕላኑን ያሰናዳሁለት እኔ፣ መሰላሉን ይዤ ያሳፈርሁት እኔ! ሐምሌ እንደገባ ካሴ ተነሣ፤ በዚያው ቀረ። አብረውት የበረሩት ኦጋዴን ላይ ሲወድቅ አይተውታል።»

ዙህራ ወደ ደረሰ ዞረች። ደረሰ በድንጋጤ አፉን ከፍቶ ዱቄቱን ስቦት ኖሮ ሳል ያጣድፈዋል።

ሁለቱ ወረታ ከተማ ውስጥ የስምንተኛ ክፍል ተማሪዎች ናቸው። መምህር አዛናው ለወላጆች ቀን የአንድ የአካባቢውን ሰው ታሪክ አጥንታችሁ አቅርቡ ብለዋል። አንደኛ የወጣ ጎንደር ሄዶ ይወዳደራል። ዙህራ ከአባቷ የጨርቅ ሱቅ ርቃ ብትሄድ ሐሙሲት ገበያ ድረስ ነው፤ ጎንደርን ለማየት ሞታለች። ሌላው ሁሉ አርበኛ አያቱን ሲይዝ እሷ ከአምስት ዓመት በፊት በሶማሊያ ጦርነት የሞተውን ተዋጊ አብራሪ፣ መቶ አለቃ ካሴን መረጠች። ደረሰ ደግሞ ከዚያው ከካሴ መንደር፣ ከይፋግ በታች ካለው ሜዳ መጥቶ ወረታ ቤት ተከራይቶ የሚማር ልጅ ነው።

የአብራሪውን እናት እማማ ይታይሽን ባለፈው ቅዳሜ አነጋግረዋቸው ነበር። «ለቡሄ ሰሞን ነው» ብለው ነበር የጀመሩት። «ሜዳው ውኃ ተኝቶበታል። ከየት መጣ ሳንለው አውሮፕላን ዝቅ ብሎ ከተፍ! ከብቱ ገመዱን እየበጠሰ ተበተነ። መንደሩን ሦስት ጊዜ ዞረና ክንፉን ነቅነቅ አድርጎልኝ ሄደ። ልጄ ነዋ! እልል አልሁ። አገሩ ሁሉ እልል አለ። ተሰናብቶኝ ነው የሞተ።» ከዚያ ድምፃቸው ዝቅ አለ። «መርዶው የመጣ በኅዳር። አስከሬን የለ፣ ምን የለ። እኔን የሚቆጨኝ፣ ለአባቱ የዞረው ፈረስ ለእሱ ሳይዞርለት መቅረቱ።»

ዙህራ ያን ጊዜ የፈረሱን ነገር አልጠየቀችም። ልቧ አውሮፕላኑ ላይ ነበር።

«ጋሼ፣ በሐምሌ የሞተ ሰው በነሐሴ እንዴት ይበራል?»

ጋሽ ደሞዝ ሞተሩን አጠፉት። ድንገት ፀጥ አለ።

«መንደሩ ላይ የዞረውን ነው የምትይኝ? እሱማ ጓደኛው ነው! የደምቢያ ልጅ፣ እንደ ወንድሙ የሚያየው። ወደ ሁመራ ለግዳጅ ተልኮ ሲመለስ፣ ‘የካሴን አገር ሦስት ጊዜ ዞሬለት መጣሁ’ አለኝ፤ እንባው በጉንጩ እየወረደ። አለቆቹ ቢሰሙ ጉዱ ይፈላ ነበር። ለምን ሦስት ጊዜ እንደሆነ አልጠየቅሁትም። እሱም ዓመት አልቆየ።»

ልጆቹ ምስጋናቸውን ሳይጨርሱ ወደ ውጭ ሮጡ። ዙህራ ጭቃው መሐል ትዘላለች። «ማንም የማያውቀውን አገኘን! ጎንደር ገባሁ በለኝ!»

ደረሰ ግን ባለበት ቆሟል። «ዙህራ፣ ፈረሱ...»

«የምን ፈረስ?»

«እኛ አገር ትልቅ ሰው ሲሞት ፈረሱ ይሸለምና ለቅሶውን ሦስት ጊዜ ይዞራል። ደምቢያም እንደዚሁ ነው። ካሴ ፈረስ የለው። ጓደኛው በአውሮፕላን ዞረለት!»

«ወላሂ በል!»

«እመብርሃንን!»

ዙህራ ደብተሯን መዝዛ አወጣች። ያን ቀን ከደስታዋ ብዛት ምሳም አልበላች። ጽፋ ስትጨርስ መምህር አዛናው አነበቡትና ከወንበራቸው ተነሡ። «ይቺን የመጨረሻዋን ገጽ ቀስ ብለሽ አንብቢያት። ዳሱ በጭብጨባ ይናጋል!»

የወላጆች ቀን ደረሰ። ዳሱ ጢም ብሎ ሞልቷል። መምህሩ ያስጠሯቸው እማማ ይታይሽ ነጭ ለብሰው ፊት ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። ዙህራ ተራዋን እየጠበቀች ሳለ፣ አጠገባቸው ላለችው ሴት ሲያወሩ ሰማቻቸው።

«ሦስት ጊዜ ዞረልኝ» ይላሉ፣ ጣታቸውን በአየር ላይ እያዞሩ። «እኔም እልል አልሁለት።»

ዙህራ እጇ ላይ ያለውን ጽሑፍ አየችው። እኚህ እናት እልል ያሉት በልጃቸው ለቅሶ ላይ ነው። ይህንንም አሁን፣ በዚህ ሁሉ ሰው ፊት፣ ከእሷ አፍ ሊሰሙት ነው። እስከዛሬ ይህን አለማሰቧ አሳፈራት።

ደረሰ ጠጋ አላት። «ታነቢዋለሽ?»

«አምስት ዓመት ሙሉ ደክመን... አምስት ዓመት እላለሁ እንዴ፣ አንድ ወር ሙሉ ደክመን እንዴት አላነብም?»

«መርዶ በአደባባይ አይነገርም። ጎህ ሲቀድ፣ ቤቱ ድረስ ተሂዶ ነው።»

«ከሞተ አምስት ዓመቱ ነው! ይሄ ደግሞ የምን መርዶ ነው?»

«ላልሰማ ሰው መርዶ ነው።»

«የፈረሱስ ነገር? እንደዞረለት ሳያውቁ ይቅሩ?»

«እኔ አትንገሪያቸው መች ወጣኝ?»

ስሟ ተጠራ። መድረኩ ላይ ወጥታ አነበበች፤ የካሴን የልጅነት ጉድ፣ ከብት ጥበቃ ላይ ሆኖ ከሸንበቆ የሠራውን አውሮፕላን፣ ደብረ ዘይት የገባበትን ቀን። ሰው ይስቃል፣ ያጨበጭባል። «በነሐሴ አንድ ተዋጊ አውሮፕላን መጣ» አለች በመጨረሻ። «መንደሩን ሦስት ጊዜ ዞሮ፣ ክንፉን ነቅንቆ ሄደ።»

እዚህ ላይ አቆመች። የመጨረሻዋ ገጽ እጇ ላይ ነበረች። መምህር አዛናው ከዳር ሆነው ‘ቀጥይ፣ ቀጥይ’ እያሉ በእጃቸው ያጣድፏታል። ዙህራ ገጿን አጥፋ ኪሷ ከተተችና እጅ ነሥታ ወረደች። እማማ ይታይሽ እልል አሉ።

አንደኛ የወጣው አርበኛ አያቱን ያመጣው ልጅ ነው። ዙህራ ጎንደር ቀረባት፤ ቢሆንም ስሙ ሲጠራ አጨበጨበች። ከዳሱ ሲወጡ እማማ ይታይሽ አቅፈው ጉንጯን አገላብጠው ሳሟት።

«እደጊልኝ! እኛ ቤት ብቅ በይ እንግዲህ።»

«እመጣለሁ እማማ።»

ራቅ እስኪሉ ጠብቃ ደረሰን በክርኗ ጎሸም አደረገችው። «ጎህ ሲቀድ እሳቸው ቤት ለመድረስ ከዚህ መቼ ነው የምንነሣው?»

ደረሰ ትኩር ብሎ አያት። «ዛሬውኑ የመንደራችንን ሰው ባመጣው የጭነት መኪና አብረሽን ሂጂና እኛ ቤት እደሪ። ሲነጋ እናቴም እሳቸው ቤት አብራን ትገባለች፤ ብቻችንን አይሆንም።»

መኪናው ሞተሩን አስነሥቶ ጥሩምባውን መንፋት ጀምሯል። ዙህራ አባቷን ለማስፈቀድ ወደ ሱቁ ሮጠች።