መቀመጫ ያጣው ነፋስ

በዘምባራ መንግሥት የምድጃ ጭስ ሁሉ ያለ ነፋስ ወደ ምዕራብ የተጋደመ ዕለት፣ ሽማግሌዎች «አስነሺው መጣ!» ብለው በራቸውን ጠረቀሙ። አስነሺው በየትውልዱ አንዴ የሚመጣ ነፋስ ነው። በቤተ መንግሥቱ ምሰሶ ላይ የተቀረጸው ጥንታዊ ትንቢት «መቀመጫ ያጣ፣ አንድ ቀን ያስነሣችኋል» ይላል። ንጉሥ ኤዝዶር ይህን ሲያነብ የታየው የራሱ ዙፋን ብቻ ነበር። ስለዚህ ዙፋኑን በሁለት መቶ ጦረኛ አስከበበና ሕዝቡም በሩን እንዲዘጋ አዘዘ።

የፈሩት ይደርሳል። ነፋሱ የመዳብ ቀለም ያለው አቧራ ለብሶ፣ እንደ መንገደኛ ኮቴ እያሰማ፣ በቀትር ገባ። ዙፋኑን ዞር ብሎም አላየው። የነካው ሰው ግን ከተቀመጠበት ብድግ ይልና መሄድ ይጀምራል። ከዚያ ወዲያ መቀመጥ የለ፣ መተኛት የለ። በዘጠኝ ቀን ውስጥ ሦስት መቶ ሰው የከተማዪቱን ቅጥር ይዞር ጀመር። ዘመዶቻቸው ጨንቋቸው አንዳንዶቹን ከግንድ ጋር አሰሯቸው፤ የታሰሩት በሦስተኛው ቀን ሞቱ።

ከሚዞሩት አንዱ በርጩማ ጠራቢው ቀርሜስ ነበር። አርባ ዓመት ሙሉ አገር ሲያስቀምጥ የኖረ ሰው፣ ለራሱ መቀመጥ ተከለከለ። ልጁ ሐመልማሌ ከጎኑ እየሮጠች ታጎርሰዋለች። የውስጥ እግሩ ቆዳ አልቆ ነበር። እናቷን ቀብራለች፤ እሱንም መቅበር አልፈለገችም፤ ነገሩ ይኸው ነው።

በአሥረኛው ቀን የጦሩ አበጋዝ ዶርሲም በንጉሡ ፊት ጦሩን ነቅንቆ ፎከረ። «እኔ ዶርሲም፣ ዘንዶውን በአንድ ውርወራ የጣልኩ! አስነሺውን ከሚያድርበት ከኬላት ተራራ ወጥቼ ሳልገድል ብመለስ፣ ስሜ ከወንድ አይቆጠር!»

ሐመልማሌ ከሕዝቡ መሀል ወጣች። «ጌታዬ፣ እኔንም ይውሰዱኝ። አባቴን ይዤ እከተልዎታለሁ።»

«አንቺ ልጅ፣ የምሄደው ለጦርነት ነው ወይስ በሽተኛ ላስታምም?»

«ትቼው ብሄድ የሚያጎርሰው የለም። ደግሞ እሱ ከበቅሎዎ ይፈጥናል።»

ሕዝቡ ከአሥር ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። ዶርሲምም በጢሙ ሥር ፈገግ ብሎ ፈቀደላት።

እውነቷን ነበር። የዶርሲም በቅሎ ባለ ስድስት እግር ስትሆን፣ ስድስቱንም ለማሳረፍ ሰበብ አታጣም። ሐመልማሌ አባቷን ወገቡ ላይ በታሰረ ገመድ ይዛ፣ አርባ ዓመት የተቀመጠባትን ባለ ሦስት እግር በርጩማ በጀርባዋ አዝላለች። አበጋዙ «ይቺ ደግሞ ለምን?» ቢላት፣ «ሲድን የሚቀመጥባት» አለችው። ለዕረፍት ሲቆሙ ገመዱን ካስማ ላይ ያስሩታል፤ ቀርሜስም በአውድማ እንዳለ በሬ ካስማውን ሲዞር ይቆያል። ያንን ኮቴ እየሰማ ዓይኑን የሚከድን ካለ ልቡ ድንጋይ ነው።

በስድስተኛው ቀን ከኬላት ጫፍ ደረሱ። ዶርሲም ደክሞት ድንጋይ ላይ ቁጭ አለ። ሐመልማሌ የአባቷን ገመድ ለማላላት ቆማ ሳለች ነፋሱ ከተፍ አለ። አበጋዙ ከተቀመጠበት ሳይነሣ ጦሩን ወረወረ፤ ጦሩ አቧራውን ሰንጥቆ ገደል ገባ። ነፋሱም ነካው። የዘንዶው ገዳይ ብድግ አለና፣ አፉን እንደከፈተ ከቀርሜስ ኋላ መዞር ጀመረ።

ሐመልማሌን ግን አልነካትም። ሦስት ጊዜ ዞራት። አሰበች፤ እሷ ቆማ ነበር፣ ዶርሲም ተቀምጦ።

«አባዬ፣ ያን ዕለት ነፋሱ ሲመጣ ምን እያደረግህ ነበር?»

«ደጄ ላይ ተቀምጬ...» አለ ቀርሜስ፣ እየዞረ። «አቧራ ስለሆነ... በሩን ዝጊው አልኩሽ።»

«አልተነሣህለትም?»

«ለነፋስ ማን ይነሣል፣ ልጄ?»

ዘምባራዎች እንግዳ ሲገባ «ኖር!» ብለው ከመቀመጫቸው የሚነሡ ሰዎች ናቸው። ለባላንጣቸው እንኳ ይነሣሉ። ለዚህ አንድ መጪ ብቻ፣ ሺህ ዓመት ሙሉ፣ በር ዘግተው ተቀምጠው ጠበቁት።

ሐመልማሌ በርጩማዋን አውርዳ መሬት ላይ አደላደለች፤ በመቀነቷ ጠረገቻትና እጅ ነሣች። «ኖር! ይቀመጡ፣ ጌታዬ።»

ነፋሱ ቀጥ አለ። ከአቧራው ውስጥ የደከመ የሽማግሌ ድምፅ ወጣ። «ልጄ፣ የምትዪውን ታውቂያለሽ? ለእንግዳ ቦታ የለቀቀ፣ እንግዳው እስኪነሣ ይቆማል። የእናንተው ሕግ ነው። እኔ ደግሞ አንዴ ከተቀመጥኩ የምነሣ አይደለሁም፤ በጣም ደክሞኛል።»

ፈራች። ገና ሃያ ዓመቷ ነው። ጋደም ማለት፣ ልጅ ታቅፎ መቀመጥ፣ ሁሉም በዓይኗ ላይ ዞረ። ከዚያ አባቷ በረገጠበት ሁሉ የቀረውን ደም አየች።

«ሐመል፣ ተይ!» ብሎ ጮኸ ቀርሜስ። «እኔ አርጅቻለሁ፣ ተይ!»

«እንግዳ አቁሞ አይመከርም፣ አባዬ» አለችና ወደ ነፋሱ ዞረች። «ይቀመጡ፣ ጌታዬ።»

ነፋሱ ተቀመጠ። በርጩማዋ ሲጥ አለች። እሱም፣ የተነሡለት እንግዳ ሁሉ እንደሚለው፣ «አትነሡ፣ ቁጭ በሉ» አለ።

ቀርሜስ ዘጭ ብሎ መሬት ላይ ተቀመጠ። ዶርሲምም እንዲሁ። በሩቅ፣ በዘምባራ ቅጥር ሥር፣ የቀሩት ሁሉ በአንድ ጊዜ ተቀመጡ፤ ያላለቀሰ አልነበረም ይባላል።

ዶርሲም ተመልሶ በንጉሡ ፊት «የገደልኩት የለም፤ ስሜን ከወንድ አትቁጠሩት። አገሩን ያዳነችው የጠራቢው ልጅ ናት» አለ። ንጉሡም ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ማንም ሳይነካው፣ ከዙፋኑ ተነሣ።

በዓመቱ ቀርሜስ በሁለት ምርኩዝ ኬላትን ወጣ። ልጁ ካንቀላፋው ነፋስ ጎን እንደቆመች ነበር። አጠገቧ ቆመ።

«አንቺ ቆመሽ እኔ አልቀመጥም» አላት። ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ ቆመ። ጉልበቱ ይንቀጠቀጥ ጀመር።

«አባዬ፣ ቁጭ በል» አለችው። «የቆምኩት አንተን ተቀምጠህ ለማየት ነው።»

ቀርሜስ እግሯ ሥር ተቀመጠ።