የሬንጁ ኩሬ ውሃ

በማዕድኑ መውጫ በር ላይ የጥበቃው አለቃ ሆሊስ የሌሎቹን ሠራተኞች ቦርሳ ዘወር ብሎም አላየ። እጁን በቀጥታ ወደ ዴልፊን ፔርሙዝ ሰደደ።

ክው አለች።

የፔርሙዙን ነገር ከእሷና ከመልእክት ተቀባይዋ ከ«ጅረት» በቀር የሚያውቅ የለም። ጅረት የአክስቷ ልጅ የረስል የምስጢር ስም ነው፤ እሱም ከበሩ ውጭ የሠራተኞቹን አውቶቡስ አስነስቶ ይጠብቃታል።

«ይሄ ምንድን ነው?» ሆሊስ ከፍቶ አሸተተ። «ሬንጅ ሬንጅ ይላል።»

«የሥር መድኃኒት ነው፣ አለቃ። አክስቴ ለጉሮሮዬ ቀቅለውልኝ።»

«እናንተ የወንዝ ታች ሰዎች መቼም መድኃኒት አታጡም!» ሳቀና ወዲያው ኮስተር አለ። «እስቲ ጠጪልኝ።»

ለማዕድኑ ሰዎች ዴልፊን ወለል ጠራጊዋ «ካረን» ናት። የመንደሯ ሽማግሌዎች ግን «ሽመላ» የሚል የምስጢር ስም ሰጥተው በስውር የላኳት ፔርሙዙ ውስጥ ላለው ለዚህ ውሃ ነበር። ነዳጅ ለማውጣት ሬንጃማውን አሸዋ አጥበው ዝቃጩን ከሚያቁሩበት ኩሬ ሾልኮ ወደ አታባስካ ወንዝ ይገባል፤ መንደሩ ይጠጣዋል። ማዕድኑ ነገ ይሸጣል። ጉዱ ሳይወጣ ከተፈረመ፣ ሻጮቹ ኩሬውን ጥለው እብስ ይላሉ።

ጠጣች።

ጉሮሮዋ ነደደ። ፊቷ እንዳይጨማደድ ምላሷን ነከሰች።

«ጨምሪ።»

ጨመረች።  በሕይወቷ እንዲህ ፈርታ አታውቅም። ግማሹ ሲቀር ሆሊስ እውነትም መድኃኒት መሰለውና ሰለቸው።

«ሂጂ ወዲያ!»

አውቶቡሱ ውስጥ ረስል በመስታወቱ አያት።

«ያዝሽው?»

«አስጠጡኝ።»

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም።»

እፎይ ሲል ሰማችው።

«አንተ ነህ የነገርክብኝ።»

«ሽያጩ ከፈረሰ ማዕድኑ ይዘጋል፣ እህቴ። ልጆቼን ምን ላብላ? ውሃ ላጠጣቸው?»

«የቱን ውሃ?»

ረስል ዓይኑን ወደ መንገዱ መለሰ። ፔርሙዙን ከካፖርቷ ሥር ጥብቅ አድርጋ ያዘችው። ከተማ ስትደርስ ወረደችና በእግሯ ውሃ ወደሚመረመርበት ላቦራቶሪ ሄደች።

ግማሹ በቃ። የምርመራው ውጤት ሲወጣ ገዢዎቹ ሸሹ፣ ሻጮቹም ኩሬውን በገዛ ገንዘባቸው እንዲያጸዱ ታዘዙ። ማዕድኑ ተዘጋ።

አሁን በሌላ ከተማ፣ በሌላ ስም፣ የሆቴል አንሶላ ታጥፋለች። ሆዷን እየቆረጠ ያማታል፤ ለሐኪም ግን ምን እንደጠጣች ትንፍሽ አትልም። አንድ እሑድ ናፍቆቱ ቢያይልባት አክስቷ ጋ ደወለች።

«ረስልዬ ሥራ ፈትቶ ተቀምጧል፣ ልጄ» አሏት እያለቀሱ። «ብጠይቀው ዝም ነው። የልጆቼን እንጀራ የዘጋ እጁ ይሰበር! ማን ይሆን?»

«እኔ ምን አውቄ፣ አክስትዬ» አለች ዴልፊን።