በቴሌቪዥን የሞቱት ሽማግሌ

ናፍቆት አማኑን መውደዷ አላስቸገራትም፤ ዕድሜዋን የበላው እሱን መጠበቁ ነው።

መጀመሪያ ያየችው በ1989 ዓ.ም. ዲላ ውስጥ፣ በማዘጋጃ ቤቱ አዳራሽ ነበር። ከቡሌ ገጠር የወረደ ቀጭን ልጅ ነው፤ ትያትሩ ላይ ዘበኛ ሆኖ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ተናገረ። ሕዝቡ ለዋናው ተዋናይ ሲያጨበጭብ እሷ ዘበኛውን ታይ ነበር። እሱም አያት። መጋረጃው እስኪዘጋ አንዳቸውም ዓይናቸውን አልነቀሉም።

ከዚያማ አዲስ አበባ ገባ። ዘበኛ ሆነ፣ ሰካራም ሆነ፣ ደላላ ሆነ፣ በሦስት ፊልም ሚስቱን ከዳ። በኋላ በአንድ ተከታታይ ድራማ ሌባ ሆኖ የዲላ ሰው ሁሉ አወቀው። በየወሩ በአውቶቡስ ይመጣና እጇን ይዞ ያንኑ ይላል።

«ናፊዬ፣ አንድ ዋና ገጸ ባሕሪ ላግኝና ሽማግሌ እልካለሁ።»

«ለእኔ ዋናው አንተ ነህ። አይበቃህም?»

«አባትሽ ፊት ሌባ ሆኜ ልቅረብ?»

«አንተ እስክትጸድቅ እኔ ላርጅ?»

እኩዮቿ ወልደው፣ ልጆቻቸው ከአባቷ ሱቅ ደብተር ይገዛሉ። ሰው ሁሉ «ያ ሌባሽ ደህና ነው?» ይላታል። ትናደዳለች። ሲመጣ ደግሞ ንዴቷ የት እንደገባ ይጠፋባታል፤ ይህም ራሱ ያናድዳታል።

በመጨረሻ፣ በ2003 ዓ.ም.፣ ሽማግሌ ላከ። ምን ዓይነት ሽማግሌ! አባቱ የሉም፤ የዘመዶቹ የተሰባበረ አማርኛ ደግሞ አሳፈረው። ስለዚህ አብረውት የሚሠሩ ሦስት አንጋፋ ተዋንያን ከአዲስ አበባ አሳፍሮ ሰደደ። ሰዎቹም ነጭ ጋቢ ለብሰው፣ ከዘራ ይዘው፣ ንግግሩን አሳምረው ተወጡት።

የናፍቆት አባት አቶ ዘነበ መካከለኛውን ሽማግሌ ትክ ብለው አዩ።

«እርስዎ ባለፈው እሑድ ሞተው አልተቀበሩም?»

«እሱ... ድራማው ላይ ነው፣ ጌታዬ።»

«ታዲያ ይሄስ ምኑ ላይ ነው?» ብለው በሩን አሳዩአቸው። ወደ ልጃቸው ዞረው ደግሞ «ማልቀስ ሥራው የሆነ ሰው የምሩን ሲያለቅስ በምን ታውቂዋለሽ?» አሉ።

ናፍቆት ስልኳን አንሥታ አማኑ ጋ ደወለች።

«አብደሃል? ለእኔ ትያትር ትልካለህ?»

«እንዲያምርልሽ ብዬ እኮ...»

«ማማሩ ይቅርብኝ! አጎትህ ጋሽ ባልቻ የሉም? በአንድ ወር ካልመጡ ሌላ አገባለሁ።» የምሯን ነበር። «እወድሃለሁ። ግን ደከመኝ፣ አማኑ።»

በሦስተኛው ሳምንት ጋሽ ባልቻ ከሁለት ጎረቤቶቻቸው ጋር ከቡሌ ደረሱ፤ እግራቸው እስከ ቁርጭምጭሚቱ ጭቃ ነው። እንደ ደንቡ ቆሙ። እሺ ሳይባሉ አይቀመጡም።

«ልጃችሁ በቴሌቪዥን የማይሆነው የለም» አሉ አቶ ዘነበ። «እውነተኛው የትኛው ነው?»

«ቴሌቪዥን እኛ ቤት የለም» አሉ ጋሽ ባልቻ ቃል እየፈለጉ። «እናት ታመመ፤ ሁለት ዓመት ተኛ። እሱ በየወሩ መጣ፤ አጠበ፤ አጎረሰ። ማንም አላየ፤ እኔ አየሁ። ሌላ አላውቅም።»

ጓዳ ሆና የምትሰማው ናፍቆት ከንፈሯን ነከሰች። እናቱ መታመማቸውን እንጂ ይህንን መቼ ነግሯት ያውቃል! የሌብነቱን ቃለ ተውኔት ሲያነበንብላት የኖረ ሰው!

አቶ ዘነበ ወንበሩን ራሳቸው ሳቡ።

«ተቀመጡ» አሉ።

አማኑ ቀረጻ ላይ ነበር፤ ቢሆንም ስልኩን አነሣ።

«ተቀመጡ ተባሉ!» አለችው እያለቀሰች። «ዐሥራ አራት ዓመት፣ አንተ የማትረባ!»

መልስ ሳይሰጣት አዘጋጁ «ስልክ ይዘጋ!» ብሎ ጮኸ።

ያን ዕለት የተቀረጸው ክፍል በቴሌቪዥን የታየው ከሠርጋቸው በኋላ ነው። ፖሊሶች የሌባውን እጅ የኋሊት ሲያስሩት፣ ሌባው ጥርሱ አልከደን ይላል። ቀኑ መሽቶባቸው ቀረጻውን አልደገሙትም ነበር።

«እንግዲህ ይሄን ሌባ ምን ያስቀዋል?» አሉ አቶ ዘነበ ተናደው።

«አባባ» አለች ናፍቆት፣ «እርስዎ ነዎት ያሳቁት።»